በሁለቱም የሞተው ቋጣሪ

ሽማግሌው ቋጣሪ በአንድ ቀን ሁለት ጊዜ ሞተ። አንድ ጊዜ ብቻ ቢሆን ኖሮ መርማሪ የሚጠራ አልነበረም፤ ሰውየው ራሱን ትንሽ አሞት ይነሳና ሾርባው የት እንደደረሰ ይጠይቅ ነበር።

ነገሩን ለማያውቅ ላስረዳ። በዚያች ከተማ ቀን ሁልጊዜ አንድ ሆኖ አይመሽም። አልፎ አልፎ ጊዜ እንደ ደረቀ እንጨት ለሁለት ይሰነጠቃል፤ ሰዎቹ «መንታ» ይሉታል። ደወል ይደወላል፤ ከዚያ ሁለት ውሎ ጎን ለጎን ይሄዳል። አንደኛው ደማቅ ነው፤ ሌላው ቀለሙ የፈዘዘ፣ ድምፁም ከግድግዳ ጀርባ የሚመጣ የሚመስል ደብዛዛ። ሰው በሁለቱም ውስጥ ይኖራል፤ በደማቁ ያለው ግን በደብዛዛው ያለው ራሱ ምን እየሠራ እንደሆነ አያውቅም። መንታው ሲገጥም ሁለቱ ሰው አንድ ይሆናል፤ የሁለቱንም ውሎ ትዝታ ይዞ ይቀራል። በደማቁ ሚስቱን ሰድቦ በደብዛዛው የሳማት ባል እራት ላይ በየትኛው ፊቱ እንደሚቀርብ ይጨንቀዋል። ሞት ሲሆን ደግሞ የሚያሸንፈው ሕያው ነው። በአንዱ ከጣሪያ ወድቆ የሞተ፣ በሌላው ወንበር ላይ ተቀምጦ ከዋለ፣ እዚያው ወንበር ላይ ራሱን ያገኘዋል። በመንታ ሰዓት የሚበላና የሚጠጣ ግን የለም፤ ሁለት ምሳ በአንድ ሆድ ውስጥ ሲገጥም ምን እንደሚሆን የቀመሰው ያውቀዋል። ደወሉ ሲሰማ በየቤቱ ብርጭቆ ሁሉ ይደፋል።

መንታ በራሱ አይገጥምም። በቋጠሮ ቤቱ ሰገነት ላይ ከግድግዳ እስከ ግድግዳ የተወጠረ ገመድ አለ። ቀኑ ሲሰነጠቅ ገመዱም ለሁለት ይከፈላል፤ ቋጣሪው በሁለቱም ውሎ ቁጭ ብሎ ክሩን በሰም እያሸ መልሶ ይገምደዋል። ካልተገመደ ሁለቱ ውሎ እየተራራቀ ይሄድና አንደኛው ከነሰዎቹ እንደ ተለቀቀ ፊኛ ይነጉዳል። ሊቃውንቱ ከእኛ ውጭ ያሉት እልፍ ዓለማት ሁሉ ያልተቋጠሩ ውሎዎች ናቸው ይላሉ። ሕዝቡ ግን ባጭሩ «የሄዱት» ይላቸዋል፣ ስለ እነሱ ሲያወራም ድምፁን ይቀንሳል።

ስለዚህ ቋጣሪው በደማቁም በደብዛዛውም ገመዱ ስር ሞቶ ሲገኝ፣ ሻለቃው በማግስቱ ጧት መርማሪዋን አስጠራ። ሰው ሁሉ «እመት ለምን» ይላታል። ጉልበቷን ያማታል፤ በየደረጃው ቆማ ደረጃ የፈለሰፈውን ሰው ትረግማለች። ሻለቃው ገና መለስተኛ መኮንን ሳለ አለቃው ነበረች፤ አሁንም ስታየው ኮሌታውን ሳያስበው ያስተካክላል።

«እመት፣ ያስለፋሁዎት ለወጉ ነው» አላት። «ነገሩ አልቋል። ገዳይዋን ይዣለሁ።»

«ለምን?»

«ለምን ያዝኳት?»

«ለምን ጠራኸኝ፣ ካለቀ?»

«ምክር ቤቱ የእርስዎን ፊርማ ይፈልጋል።»

መርማሪዋ ልትመልስለት ስትል ገመዱ አጉረመረመ። ዝቅ ያለ፣ የማያቋርጥ ድምፅ ነበር፤ ከወለሉ ወደ እግር፣ ከእግር ወደ ጥርስ ይወጣል። ሻለቃው ተቁነጠነጠ።

«ሌላ መንታ እየመጣ ነው» አለች ጥግ ላይ በካቴና ታስራ የተቀመጠችው ሴት። የሟቹ ተተኪ ናት፤ ሠላሳውን ያለፈች፣ ጣቶቿ በገመድ የጠነከሩ። «ትናንት መንታ፣ ዛሬ መንታ። እንዲህ ያለ አይቼ አላውቅም። ከምሳ በፊት ሊደውል ይችላል።»

«ማን ይቋጥረዋል?» አለች መርማሪዋ።

«ከሚቀጥለው ከተማ ቋጣሪ አስጠርተናል» አለ ሻለቃው። «ነገ ይደርሳል።»

«ነገ! መንታው ዛሬ፣ ቋጣሪው ነገ። እስከዚያ ከእኛ መካከል ማን እንደሚነጉድ ዕጣ እናውጣ?»

«ገዳይ ገመድ ላይ አላስቀምጥም፣ እመት። መኪናዬ ነዳጅ ሊቀዳ ሄዷል፤ እንደተመለሰ ወደ ወኅኒ ቤት እወስዳታለሁ። ይስሙኝ። ሐኪሙ መርዝ ነው ብሏል፤ ከተዋጠ በጥቂት ደቂቃ የሚገድል፣ ከደረጃው ስር የሚቀመጠው የአይጥ መርዝ። ስለዚህ የዋጠው በመንታው ሰዓት ነው። በመንታው ሰዓት በደማቁም በደብዛዛውም ከእሱ ጋር እዚህ የነበረችው እሷ ብቻ ናት። ሚስቱ፣ ወንድሙና ሐኪሙ በሁለቱም ታች ሳሎን ነበሩ። ጧት ደግሞ ከሽማግሌው ጋር ተጨቃጭቃለች፤ ሚስትየዋ ሰምታ ነግራኛለች።»

«ምን ውስጥ አድርጋ አዋጠችው?»

«እሱን ትናገራለች።»

የሟቹ ብርጭቆ እንደ ወጉ ተደፍቶ፣ ከሥሩ ደርቆ ነበር። መርማሪዋ አየችውና ሬሳውን የሸፈነውን አንሶላ ገለጠች። ሽማግሌው የጣቶቹ ጫፍ የተቆረጠ የሱፍ ጓንት አድርጓል፤ ውጭ ግን ሙቀቱ ውሻ ያስለከልካል። ጠረጴዛው ላይ ሁለት ትናንሽ የቀንድ ሣጥኖች አሉ፣ በየሣጥኑ አንድ አንድ የሰም ድቡልቡል። የአንደኛው ሰም በአውራ ጣት አሻራ ተሸፍኗል። የሌላው ላይ አሻራ የለም፤ ትንንሽ ጎድጓዶች ብቻ ናቸው። ሁለት በርጩማዎችም ነበሩ። የተተኪዋ ወደ መስኮቱ ዞሯል፤ የጌታዋ ወደ ጨለማው ግድግዳ።

«ልጄ፣ በምን ተጨቃጨቃችሁ?»

«በእጃቸው። ከክረምቱ ወዲህ ጣታቸው እየቀዘቀዘ ክሩ ያመልጣቸው ነበር። 'ጋሼ፣ ዛሬ እኔ ልቋጥር' አልኳቸው። 'እኔ ሳልሞትማ አታደርጊውም!' አሉኝ።» ከንፈሯን ነከሰች። «ይኸው፣ ሞቱና አደረግሁት። በሁለቱም መሃል ላይ ሲወድቁ ክሩን ይዤ ጨረስኩት። እያለቀስኩ ጨረስኩት።»

«ሰሙን እንዴት ነው የምታለሰልሱት?»

«በጣት ሙቀት። እሳት ካየ ክሩን አይዝም።»

«በአፍስ?»

«በአፍ?» ካቴናው ተንቃጨለ። «ጀማሪ እንኳ አያደርገውም! ጋሼ ይህን ቢሰሙ ከሞቱበት ተነስተው ያባርሩዎታል።»

«ታዲያ ለምን ጀርባውን ሰጥቶሽ ይሠራ ነበር?»

«ብርሃኑ በዚህ በኩል ይሻለኛል ብለው ነው» አለች ተተኪዋ። ከዚያ ወደ ጨለማው ግድግዳ ተመለከተችና ግራ ገባት።

ሳሎኑ ውስጥ ሦስቱ ሰዎች ከትናንቱ ቦታቸው ያልተነሱ ይመስሉ ነበር። የሟቹ ታናሽ ወንድም ዳማውን ፊቱ ዘርግቷል። «ሁለቴ» ይሉታል፤ ማንኛውንም ነገር በአንድ ሙከራ አሳክቶ አያውቅም። ሐኪሙ የቤቱ የድሮ ወዳጅ ነው፣ ሚስቱ ከሞተች ወዲህ ምሳውን እዚሁ ይበላል። ባለቤትየዋ መስኮቱ አጠገብ ቀጥ ብላ ተቀምጣለች፤ ጥቁር ለብሳለች፤ ዓይኗ ደርቋል።

«መኪናው ደረሰ?» አለች መርማሪዋን ስታይ።

«ገና ነው። ነፍስ ይማር፣ እህቴ።» መርማሪዋ ወንበር ስባ በረጅሙ ተነፈሰች። «ትናንት እንዴት ዋላችሁ? ሁለቱንም ውሎ ንገሩኝ። ካንተ እንጀምር።»

«እኔማ» አለ ሁለቴ፣ «በደማቁ ከሐኪሙ ጋር ዳማ ገጥሜ ተሸነፍኩ። በደብዛዛው ብቻዬን ተጫውቼ አሸነፍኩ። እዚያም ቢሆን ለጥቂት ነው።» ሊስቅ ብሎ እንባው ቀደመው። መሐረብ አውጥቶ ፊቱን ሊጠርግ ሲል መሐረቡ አልታጠፍም አለው። «ይሄ የወንድሜ ነው ማለት ነው፤ ሰም ነው ያደረቀው። እትዬ ሁልጊዜ በዚህ እንደተማረረች ነው፤ ብትፈትገው ብትቀቅለው አይለቅም።»

«እስቲ» አለችና መርማሪዋ መሐረቡን ተቀበለችው። አገላብጣ አይታ ኪሷ ከተተችው። «እርስዎስ፣ ዶክተር?»

«በደማቁ ሁለቴን አሸንፌ እንቅልፍ ወሰደኝ። በደብዛዛው ደግሞ ወሬ አበዛሁ መሰለኝ። የባለቤቴን ሳል የሰማሁ መስሎኝ ነው። መቼም እንደሚባለው፣ ቋጠሮው ሳይዘጋ ሲቆይ የሄዱት ይቀርባሉ፣ በደብዛዛው በኩልም ድምፃቸው ይሰማል። ሳይንስ አይደለም፣ አውቃለሁ። ግን ሳሏን አውቀዋለሁ።»

«የሟቹን እጅ ያክሙት ነበር?»

«ደሙ ጣቶቹ ጫፍ አይደርስም ነበር። ተው ሥራህን ለልጅቷ ስጥ ብዬው ነበር። ኩሩ ነው፤ እምቢ አለ።»

«አፉንስ አይተውታል?»

ሐኪሙ ቀላ። «ከንፈሩን አሸተትኩ። በመንታ ሰዓት ምን ሊበላ? ጥርሱን ፈልቅቄ አላየሁም።»

«እንግዲያው ይውጡና ፈልቅቀው ይዩልኝ።» ሐኪሙ እየከበደው ወደ ሰገነቱ ሄደ። መርማሪዋ ወደ ባለቤትየዋ ዞረች። «እርስዎስ እህቴ?»

«እዚህች ወንበር ላይ ተቀምጬ መጋረጃ ስዘመዝም ነበር።»

«በደማቁ?»

«በደማቁ። ከደወሉ እስኪገጥም አልተነሳሁም። መሃል ላይ 'ዛሬ ቶሎ አይገጥምም መሰለኝ' አልኩ።»

«በደብዛዛውስ?»

«እዚህችው ወንበር ላይ መጋረጃ ስዘመዝም ነበር። አልተነሳሁም። 'ዛሬ ቶሎ አይገጥምም መሰለኝ' አልኩ። ሁለቱም ሰምተውኛል።»

«እውነቷን ነው» አለ ሁለቴ። «በሁለቱም ሰምቻታለሁ።»

«ክሩ አልተበጠሰብዎትም? መርፌው አልወጋዎትም?»

«አልወጋኝም» አለች ባለቤትየዋ፣ ዓይኗ መንገዱ ላይ። «መኪናው ምን ሆኖ ነው የቆየው?»

መርማሪዋ ደረጃውን እየረገመች ተመልሳ ወጣች። ገመዱ አሁን ከማጉረምረም አልፎ ይንቀጠቀጥ ነበር፤ ከጣሪያው አቧራ ይራገፋል። ሻለቃው በመስኮቱ ቁልቁል ያያል፤ ተተኪዋ በካቴናዋ ውስጥ ጣቶቿን ታፍተለትላለች። ሐኪሙ ሬሳው አጠገብ ቆሞ እጁን በፎጣ ይጠርጋል፤ ፊቱ አመድ መስሏል። ያገኘውን በጆሮዋ ነገራት።

«ሻለቃ፣ ሁሉንም ሰብስብልኝ። እዚሁ።»

«መኪናው እኮ መጣ፣ እመት!»

«ይቁም። የቸኮለች አፍሳ ለቀመች።»

ተሰበሰቡ። ባለቤትየዋ ከበሩ አጠገብ ቆመች፤ ወንበር ሲሰጧት እምቢ አለች። መርማሪዋ የሟቹ በርጩማ ላይ ተቀመጠችና ጉልበቷን አሸች።

«ሻለቃው፣ ቋጣሪው በሁለቱም ስለሞተ በሁለቱም አጠገቡ የነበረችው ገደለችው ይላል» ብላ ጀመረች። «እኔ ደግሞ ተቃራኒውን እላለሁ። በደማቁ ያለሁት እኔ በደብዛዛው ካለሁት እኔ ጋር አንማከርም። በመንታው ሰዓት ተነሳስቶ የሚገድል ሰው በአንዱ ይገድላል፣ በሌላው ልቡ ይራራል፣ ወይም ያስነጥሰውና ያልፈዋል። እናንተን እዩ። ሁለቴ በአንዱ አሸነፈ፣ በሌላው ተሸነፈ። ዶክተር በአንዱ ተኛ፣ በሌላው አወራ። ሰው እንዲህ ነው። በሁለቱም ሳይሳሳት የገደለ ነገር ካለ ከደወሉ በፊት የተቀመጠ ነው። መንታው ሲሰነጠቅ መርዙም አብሮ መንታ ሆነ።»

«ግን መርዙ ፈጣን ነው!» አለ ሻለቃው።

«ሲዋጥ ነው ፈጣን። እስኪዋጥ ድረስ ቁጭ ብሎ ይጠብቃል። አሁን ጥያቄው፣ እህል ውሃ በማይቀመስበት ሰዓት፣ ይህ ሰው በሁለቱም ውሎ ወደ አፉ ሊያስገባው የማይቀር ነገር ምንድን ነው?» የቀንድ ሣጥኑን አነሳች። «ይህ የተተኪዋ ሰም ነው፤ በአሻራዋ የተሞላ። ይህ የእሱ ነው፤ አሻራ የለበትም። ጎድጓዶቹን እዩአቸው። ጥርስ ናቸው።»

ተተኪዋ ተነስታ ቆመች። «ጋሼ?»

«ጣቱ ሞቶበት ነበር፣ ልጄ። ሰሙ አልለሰልስ ሲለው ጉንጩ ውስጥ ያሞቀው ነበር። አፍሮ ነው ጀርባውን የሰጠሽ፤ እንዳታይበት ጨለማ መረጠ። ዶክተርም አሁን ከጥርሱ መካከል ሰም አገኘ፣ ሰሙም መርዙን መርዙን ይሸታል። እንግዲህ ማን ያውቅ ነበር? አንቺ አታውቂም፤ ስጠይቅሽ ለክብሩ ልትደበድቢኝ ነበር። ዶክተር ቢያውቅ ኖሮ ትናንትናውኑ አፉን ባየ፣ ወይም መርዝ መሆኑን ባልተናገረ። ሁለቴ ቢያውቅ ሰም የጠጣውን መሐረብ ከኪሱ አውጥቶ አይሰጠኝም።» መሐረቡን ከኪሷ አወጣችና ዘረጋችው፤ መሃሉ ላይ የአፍ ቅርጽ ደርቆ ነበር። «ያወቀው ይህን ሲያጥብ የከረመ ሰው ነው።»

ሁሉም ወደ በሩ ዞሩ። ባለቤትየዋ አልተንቀሳቀሰችም።

«እኔ ከወንበሬ አልተነሳሁም» አለች። «በሁለቱም።»

«እሱ ነው የጎዳሽ፣ እህቴ። ሁለት ባላ ትከል፣ አንዱ ቢነቀል በአንዱ ተንጠልጠል ይባላል፤ አንቺ ሁለቱንም ባላ ተከልሽ። በዚህች ከተማ ያደገ ሰው ሁሉ የሚሠራው ስሕተት ነው። በሁለቱም ውሎ የት እንደነበረ ማስመስከር እንጂ ጧት የት ነበርሽ የሚለው ትዝ አይለውም። እኔ ጠይቄሽ አላውቅም፣ አንቺም አልነገርሽኝም። ከዚያ ደግሞ ሁለቱ ውሎሽ አንድ ዓይነት ነው። ያው ወንበር፣ ያው ስፌት፣ ያው ቃል። መርፌ እንኳ አልወጋሽም። ሰው ሁለት ጊዜ አንድ ዓይነት የሚውለው የሚመጣውን አውቆ ሲጠብቅ ብቻ ነው።»

ከውጭ የመኪናው ጥሩምባ ተሰማ። ሻለቃው አልተነሳም።

«አንድ ነገር ብቻ ቸግሮኝ ነበር» አለች መርማሪዋ፣ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ። «ባሏ የሞተባት ሴት ስለ ሣጥኑ፣ ስለ ቀብሩ ትጠይቃለች። አንቺ ግን ተተኪዋን የሚወስደው መኪና ደረሰ ወይ ትያለሽ። ለምን? ዛሬ ይህቺ ልጅ ከሄደች መንታውን የሚዘጋ የለም። የፈለግሽው እሱን ነው። ባልሽን የገደልሽው ቋጠሮው ክፍት እንዲቀር ነው። ክፍት ሲቀር ማን እንዲመጣልሽ ነው፣ እህቴ?»

ባለቤትየዋ ግድግዳውን ተደግፋ ቀስ ብላ ወለሉ ላይ ተቀመጠች።

«ልጄ» አለች።

ሁሉም ያውቃሉ። ድልድዩ በተሰበረበት የመንታ ቀን አንዲት ልጇ ወንዝ ወስዷት ነበር፤ ደረጃ ሁለት ሁለት እየዘለለች የምትወጣ፣ አንድ ቀን ጥርስሽን ትሰብሪያለሽ የምትባል ልጅ።

«በሁለቱም ሞተች አለኝ ባሌ» አለች እናትየው። «ክሩ ተጎድቶ የዚያን ቀን ደብዛዛ ለማንም ትዝ ስለማይል አመንኩት፤ አለቀስኩ፣ ተቀበልኩ። በዚህ ክረምት እጁ ሲቀዘቅዝ ቅጣት መስሎት ነገረኝ። በደብዛዛው ጉንፋን ይዟት ቤት ውላ ነበር። ክሩን የጨበጠ ሰው የወዲያኛውን ይሰማል አይደል? ሰምቷታል። ስትስል ሰምቷታል! መንታው ግን አልገጥም አለ፤ ክሩ ይበጣጠስ ጀመር፣ አንዱን መቁረጥ ግድ ሆነ። በደብዛዛው የገበያው ሰፈር በሙሉ ይነድ ነበር። ብዙ ሰው የሚተርፍበትን ልያዝ ብሎ ልጄን ከነ ዓለሟ ቆረጣት። ከዚያ ይቅር በይኝ አለኝ። መሐረቡን እያጠብኩለት!»

«እኔም ነበርኩ» አለች ተተኪዋ በሹክሹክታ። «እያለቀሱ ነው የቆረጡት፣ እትዬ።»

«የሄዱት ይቀርባሉ ይባላል፣ ክፍት ከሆነ። ደጅ ድረስ ብትመጣ...»

ደወሉ ተደወለ።

ገመዱ እንደ ጅራፍ ጮሆ ለሁለት ተከፈለ። «ቁልፉን!» አለች መርማሪዋ፤ ሻለቃው ኪሱን ሁሉ ገልብጦ ቁልፉን ያገኘው በመጨረሻው ኪሱ ነው። ተተኪዋ እጇ እንደተፈታ በርጩማዋን ሳበች።

በደማቁ እንዲህ ሆነ። ተተኪዋ ሰሟን በጣቷ አሸች፣ ክሩን ያዘች። ባለቤትየዋ በጉልበቷ እየሄደች የተተኪዋን ቀሚስ ይዛ ለመነቻት። «አንድ ደቂቃ። ስለ ልጅነቷ። አንድ ደቂቃ ብቻ ተዪው!» ሁለቴ ከኋላ አቅፎ ያዛት። ከደረጃው በኩል ምንም አልተሰማም። ተተኪዋ እንባዋ በጉንጯ እየወረደ ገመደች፤ እናትየውም እስከ መጨረሻው ለመነች።

በደብዛዛው ደግሞ እንዲህ ነበር። ተተኪዋ ክሩን እንደያዘች ደነገጠች፤ ሁሉም ደነገጡ። አንድ ሰው ደረጃውን ሁለት ሁለት እየዘለለ ይወጣ ነበር። ሐኪሙ አፉን በእጁ ያዘ። እርምጃው ከበሩ ወዲያ ቆመ።

«እማዬ? እዚያ ነሽ?» አለ ከበሩ ጀርባ የልጃገረድ ድምፅ። ከድሮው ጠና ብሏል፤ ትንፋሹ ይቆራረጣል። «አባዬ ይጠራሻል። ደግሞ መሐረቤን ጣልሽብኝ ብሎ ይነጫነጫል።»

ባለቤትየዋ ተነስታ ወደ በሩ ሮጠች። ተተኪዋ ጣቷ ክሩ ላይ ደርቆ ቀረ፤ ልትገምደው አልቻለችም። ገመዱ እየተወጠረ ሄደ፣ ከግድግዳው ላይ ልስን ተፈረፈረ። ሻለቃው ሊጮህ ሲል መርማሪዋ ክንዱን ያዘችው። የእናትየው እጅ የበሩ እጀታ ላይ ደረሰ።

ያን ጊዜ ከበሩ ወዲያ፣ ከዚያኛው ሰገነት ውስጥ፣ አንዲት ሴት መለሰች። ትንሽ የሰለቻት፣ እየሳቀች የምትናገር ሴት ነበረች።

«መጣሁ፣ መጣሁ! ደረጃውን ቀስ በይ ስልሽ! አንድ ቀን ጥርስሽን ትሰብሪያለሽ።»

የገዛ ድምፅዋ ነበር። ባለቤትየዋ እጇን ከእጀታው ላይ አነሳች። ግንባሯን በሩ ላይ አድርጋ ቆየች፤ ከወዲያ ሁለት ሰዎች እየተሳሳቁ ደረጃውን ሲወርዱ ይሰማል።

«እናት አላት» አለች። «ልጄ እናት አላት።» ከዚያ ሳትዞር፣ «ቋጥሪው» አለቻት።

ተተኪዋ ቋጠረችው።

መንታው ሲገጥም ክፍሉ ቀለሙን መለሰ። ሁሉም እንደ ወጉ ትንሽ ቆሙ፣ ሁለቱ ትዝታ ቦታ ቦታውን እስኪይዝ። ባለቤትየዋ እጆቿን ለሻለቃው ዘረጋች። ካቴናውን ቀስ ብሎ አሰረላት።

«መሐረቡን ይሰጡኛል?» አለች መርማሪዋን።

ማስረጃ ነው ሊል ሻለቃው አፉን ከፈተ። መርማሪዋ አንዴ አየችውና ዘጋው። ሰም ያደረቀውን መሐረብ በእስረኛዋ መዳፍ ላይ አኖረችው፣ ጣቶቿንም አጠፈችላት። ስለ አንዱም ነገር ለምን ብላ አልጠየቀችም። ክንዷን ይዛ ደረጃውን አብራት ወረደች፤ ዛሬ ደረጃውን አልረገመችም።

«በደማቁ እስከ መጨረሻው ለመንኳት አይደል?» አለች ባለቤትየዋ መኪናው ዘንድ ሲደርሱ።

«ለመንሻት።»

«በደብዛዛው ግን ቋጥሪው አልኩ።»

«አልሽ፣ እህቴ።»

ባለቤትየዋ መኪናው ውስጥ ገብታ መሐረቡን ጭኗ ላይ ዘረጋች። ልጇ ከሞተች ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ሁለቱ ውሎዋ ተለያይቶ ነበር።